ዝግባ፦ ጣውላው የሚፈለገው፣ ችግኙ የተረሳው ዛፍ

ዝግባ የሚለውን ስም ያልሰማ ሰው ማግኘት ይከብዳል። ቁመተ መለሎውን ሰው "እንደ ዝግባ" እንለዋለን። አናጢዎች ጥሩ ጣውላ ሲያነሱ ስሙን ከዋንዛና ከጥድ ጋር አብረው ይጠሩታል። ዛፉን ጫካ ውስጥ ቆሞ ያየው ግን፣ በተለይ ከተማ ካደገው ትውልድ፣ ብዙ አይደለም። ዛሬ ይህ ዛፍ ምን እንደሆነ፣ እንጨቱ ለምን ሥራ እንደሚሆንና ለምን እንደተመናመነ በአጭር በአጭሩ እናያለን።

ምን ዓይነት ዛፍ ነው?

በአገራችን በተፈጥሮ የሚበቅሉ ከጥድ ወገን የሚመደቡ ረጃጅም ዛፎች ሁለት ብቻ ናቸው፦ የሐበሻ ጥድና ዝግባ። የፈረንጅ ጥድም ሆነ ፓቱላ የሚባለው ከውጭ የመጡ ናቸው። የዝግባ ሳይንሳዊ ስም አፍሮካርፐስ ፋልካተስ ነው። ቆየት ባሉ መጻሕፍት ፖዶካርፐስ ፋልካተስ ወይም ፖዶካርፐስ ግራሲሊየር ተብሎ ታገኙታላችሁ፤ ስሙ ተቀየረ እንጂ የሚወራው ስለዚሁ ስለኛው ዛፍ ነው።

በኦሮምኛ ቢርቢርሳ ይባላል። አዲስ አበባ ሳትቆረቆር በፊት የዛሬው አራዳ ጊዮርጊስ አካባቢ "ቢርቢርሳ ጎሮ" ይባል እንደነበር ይነገራል። ፒያሳ መሀል ቆሞ ይህን ማሰብ በራሱ የሚገርም ነው።

ዝግባ ዝናብ በሚበዛባቸው የደጋና የወይና ደጋ ደኖች ከሌሎች ዛፎች በላይ አናቱን አውጥቶ የሚታይ ዛፍ ነው። ከ40 ሜትር በላይ ያድጋል፤ ምቹ ቦታ ካገኘ እስከ 60 ሜትር ሊደርስ ይችላል። ግንዱ ቀጥ ያለ ነው፤ ቅርፊቱ ግራጫ ወደ ቡናማ የሚያደላ ሲሆን ሲያረጅ እየተላጠ ይወድቃል። ቅጠሉ ቀጭንና ረዘም ያለ ነው፣ እንደ መርፌ ግን አይዋጋም። ዓመቱን ሙሉ አረንጓዴ ነው።

የባሌው ሐረና፣ የአርሲና የሻሸመኔው ሙነሳ፣ የጉጂው አንፈራራና ዋደራ፣ የሰሜን ሸዋው ወፍ ዋሻ ዝግባ ከሚገኝባቸው ደኖች መካከል ናቸው። በሰሜኑ ክፍል ደግሞ በብዛት የተረፈው በቤተ ክርስቲያን ቅጽር ውስጥ ነው።

የመጽሐፍ ቅዱሱ "የሊባኖስ ዝግባ" ይሄው ነው?

አይደለም። ብዙ ሰው እዚህ ላይ ይሳሳታል። በአማርኛው መጽሐፍ ቅዱስ ንጉሥ ሰሎሞን ቤተ መቅደሱን የሠራበት የሊባኖስ ዛፍ "ዝግባ" ተብሎ ተተርጉሟል። ተርጓሚዎቹ አንባቢው የሚያውቀውን ረጅምና ግርማ ያለው ዛፍ መምረጣቸው አይገርምም። ሁለቱ ዛፎች ግን ከተለያየ ቤተሰብ ናቸው። የሊባኖሱ እንጨት ሙጫና ጥሩ ሽታ አለው፣ ብስባሴንም ይቋቋማል። የኛ ዝግባ ግን ሙጫ የለውም፣ አይሸትም፣ ከአፈርና ከእርጥበት ጋር ከተገናኘም ዕድሜው አጭር ነው። ለእንጨት ሠራተኛ ይህ ልዩነት ትልቅ ነው።

ጣውላው ለምን ተወደደ?

አንደኛ፣ መልኩ። አዲስ ሲሰነጠቅ ፈዘዝ ያለ ቢጫ ነው፤ በጊዜ ብዛት ወደ ወርቃማ ይለወጣል። ከዳር እስከ ዳር አንድ ዓይነት መልክ ስላለው ለወለልና ለኮርኒስ ያምራል።

ሁለተኛ፣ ለመሥራት አያስቸግርም። ቃጫው ቀጥ ያለና ልስልስ ነው። መጋዝም መላጊያም በቀላሉ ይሄድበታል፣ ቫርኒሽም ጥሩ አድርጎ ይይዛል። ክብደቱም መካከለኛ ነው።

ሦስተኛ፣ ስፋቱ። ያረጀ ዝግባ ግንዱ ወፍራምና ከታች እስከ ላይ ቅርንጫፍ የሌለው ስለሚሆን፣ ጉጥ የሌለበት ሰፊ ጣውላ ይወጣዋል። ከባሕር ዛፍ እንዲህ ያለ ጣውላ ማግኘት ከባድ ነው።

አራተኛ፣ ሽታ አልባ መሆኑ። የምግብ ሣጥን፣ መደርደሪያና የወጥ ቤት ዕቃ ቢሠራበት ምግቡን አያሸትም።

በዚህ ምክንያት ለበርና መስኮት፣ ለወለል፣ ለኮርኒስ፣ ለቁም ሣጥን፣ ለጠረጴዛና ወንበር፣ ለሣጥን እንዲሁም ለኮምፔንሳቶ ሥራ ሲፈለግ ኖሯል።

ገበያ ላይ "ዝግባ ነው" የተባለ ጣውላ ሁሉ ዝግባ ነው ማለት ግን አይደለም። ቀላሉ መለያ አፍንጫችሁ ነው። የፈረንጅ ጥድ ሲቆረጥም ሲላግም ጠንከር ያለ ሽታ አለው፣ ጉጥም ይበዛበታል። ዝግባ አይሸትም።

የማይሆንበት ቦታስ?

ውጭ። ምስጥም ነቀዝም ይወዱታል፤ እርጥበት ካገኘው ደግሞ ሻጋታ መልኩን ያበላሸዋል። ለአጥር ምሰሶና አፈር ውስጥ ለሚቀበር ነገር ሁሉ የሐበሻ ጥድ በብዙ እጥፍ ይሻላል። ዝግባን ውጭ ለማዋል የግድ መድኃኒት መጠጣት አለበት፤ ደግነቱ መድኃኒቱን በደንብ የሚቀበል እንጨት ነው። ሌላው ችግሩ ምስማር ሲመታበት መሰንጠቁ ነው። ጠንቃቃ አናጢ ቀድሞ በመሰርሰሪያ ይበሳዋል።

ታዲያ ለምን ጠፋ?

መቆረጡ ግልጽ ነው። መጋዝ ቤቶች ደን ውስጥ ገብተው ትልልቁን እየመረጡ አወጡ፣ እርሻ ተስፋፋ፣ ማገዶና ከሰል ተጨመረ። ግን ጥድም ዋንዛም ተቆርጠዋል። ዝግባን ለየት የሚያደርገው ከተቆረጠ በኋላ የሚሆነው ነው። ባሕር ዛፍ ከጉቶው መልሶ ያቆጠቁጣል። የዝግባ ተስፋ በዋናነት ፍሬው ነው፣ የፍሬው መንገድ ደግሞ ረጅም ነው።

መጀመሪያ ነገር፣ ዝግባ ወንድና ሴት አለው። ወንዱ ዛፍ ብናኙን በነፋስ ይልካል፣ ሴቷ ታፈራለች። አካባቢው ተመንጥሮ እርሻ መሀል ለብቻዋ የቀረች ሴት ዝግባ በአቅራቢያዋ ወንድ ከሌለ የሚበቅል ዘር አትሰጥም። ወንድ ዛፍ ብቻውን ከቀረ ደግሞ ምንም ፍሬ የለም። ከመንገድ ዳር የምናየው ግርማ ያለው ብቸኛ ዝግባ በሕይወት ቆሞ ዘሩ ግን የተቋረጠ ሊሆን ይችላል።

ቀጥሎ፣ ፍሬውን የሚበትኑት ወፎችና ዝንጀሮ ጦጣዎች ናቸው። ደኑ ሲጠፋ እነሱም ይሄዳሉ፤ ፍሬው እናቱ ሥር ወድቆ ይቀራል።

ከዚያ ደግሞ የዘሩ ሽፋን እንደ ድንጋይ የጠነከረ ነው። ለመብቀል ብዙ ወራት ይፈጅበታል። አፈር ውስጥ ለዓመታት ተቀብሮ ቆይቶ ጊዜ የሚጠብቅ ዘርም አይደለም። ስለዚህ እናት ዛፎቹ ከተቆረጡ "መሬቱ ውስጥ ያለው ዘር ይበቅላል" ብሎ መጠበቅ ዋጋ የለውም። በመጨረሻም የበቀለው ቡቃያ ጥላ ይፈልጋል፣ ከከብት ጥርስና ኮቴም መዳን አለበት።

ዓለም አቀፉ የተፈጥሮ ጥበቃ ኅብረት ዝግባን በዓለም ደረጃ አስጊ ሁኔታ ላይ ካሉት ዝርዝር ውስጥ አላስገባውም፤ ምክንያቱም ከኢትዮጵያ እስከ ደቡብ አፍሪካ ድረስ ይገኛል። ይህ ግን እዚህ አገር ቤት ያለውን አይለውጥም። አንድ ዛፍ በዓለም ላይ በዝቶ ከአንድ ወረዳ ሙሉ በሙሉ ሊጠፋ ይችላል።

ሕጉ ምን ይላል?

በ1986 ዓ.ም. የወጣው የደን አዋጅ ቁጥር 94/1986 ኮሶን፣ ዋንዛን፣ ዝግባንና ጥድን በስም ጠርቶ ከመንግሥትና ከክልል ደን እንዳይቆረጡ ከልክሏል። አዋጁ በኋላ በ542/1999፣ ከዚያም በ1065/2010 ተተክቷል። አሁን ያለው አዋጅ ከመንግሥት ደን በተጨማሪ የግል፣ የማኅበርና የማኅበረሰብ ደን ባለቤትነትን ያውቃል። ይህ ትልቅ ነገር ነው፦ ገበሬው የተከለው ዛፍ የራሱ መሆኑን ካላመነ ልጁ እንጂ እሱ የማይጠቀምበትን ዛፍ ለምን ይተክላል? ያም ሆኖ ዝግባ ለመቁረጥም ሆነ ጣውላውን ለማጓጓዝ ያሰበ ሰው አስቀድሞ የወረዳውን የደን ጽሕፈት ቤት መጠየቅ አለበት።

ክልከላ ብቻውን ዛፍ አይተክልም። ደቡብ አፍሪካ ጥሩ ምሳሌ ናት። እዚያ "ቢጫ እንጨት" እያሉ ይጠሩታል። በኬፕ አካባቢ ያሉ የድሮ ቤቶች ወለልና ኮርኒስ፣ የባቡር ሐዲድ ተጋዳሚ ሳይቀር ከዝግባ ዘመዶች ተሠርቷል። ደኑ እያለቀ ሲመጣ እ.ኤ.አ. በ1939 መንግሥት የናይስናን ደን ለእንጨት ቆራጮች ዘጋ። ከዓመታት በኋላ ቆረጣው በቁጥጥር ተመለሰ፦ የሚመረጡት በዕድሜ የደከሙና ለመሞት የተቃረቡ ዛፎች ብቻ ናቸው፣ ግንዱም በጨረታ ይሸጣል። ደኑም ቆመ፣ አናጢውም ሥራ አልፈታም።

መትከል ለሚፈልግ

• ዘሩን ከአንድ ዛፍ ብቻ አትልቀሙ። ወንድና ሴት ተቀራርበው ካሉበት ደን፣ ከብዙ እናት ዛፎች ሥር ውሰዱ።

• ፍሬው በስሎ ሲወድቅ ሥጋውን አጥባችሁ ሳይደርቅ ዝሩት። ለከርሞ ብሎ ማስቀመጥ ኪሳራ ነው።

• ጠንካራውን ሽፋን ውስጡን ሳይጎዱ መስበር ብቅለቱን ያፋጥናል። የአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲው ፕሮፌሰር ለገሠ ነጋሽ በዝግባ ዘር አበቃቀልና በቁርጥራጭ ማባዛት ላይ ለዓመታት ሠርተዋል።

• መደቡ ላይ ዝግባ ካለበት ደን ሥር የተወሰደ ጥቂት አፈር ጨምሩ። ሥሩ የሚረዱትን ፈንገሶች ከዚያ ያገኛል።

• ችግኙን ጠራራ ፀሐይ ላይ አትትከሉት። በሙነሳ ደን የተካሄዱ ጥናቶች የዝግባ ችግኝ በተተከሉ የውጭ ዛፎች ጥላ ሥርም ማደግ እንደሚችል አሳይተዋል። ስለዚህ ያለው የባሕር ዛፍ ወይም የፈረንጅ ጥድ ማሳ የግድ ጠላት አይደለም፤ በሥሩ ዝግባ ተክሎ ቀስ በቀስ መተካት ይቻላል።

• አጥሩት። ከብት የሚገባበት ቦታ የተተከለ ዝግባ ቁጥር ለማሟላት ካልሆነ ሌላ ጥቅም የለውም።

• አትቸኩሉ። ከዝግባ ጣውላ የሚጠብቅ ሰው የሚያስበው ለልጅ ልጁ ነው።

በየክረምቱ ችግኝ ሲተከል የምንሰማው ቁጥር ነው። ከዚህ በኋላ "ስንት ዝግባ አለበት? ዘሩ ከየት መጣ? ከአምስት ዓመት በኋላስ ስንቱ ቆመ?" ብለን እንጠይቅ። በየአድባራቱና በየማሳው ዳር የቀሩት ያረጁ ዝግባዎች ጣውላ ብቻ አይደሉም። ዘር የሚለቀምባቸው የመጨረሻዎቹ እናቶች ናቸው።