የአውቶሞቢል ፊውዝ፦ መገኛው፣ አመራመሩና በጥንቃቄ አለዋወጡ

ፊውዝ በአውቶሞቢል የኤሌክትሪክ መስመር ውስጥ ሆን ተብሎ ደካማ ተደርጎ የተሠራ ክፍል ነው። በመስመሩ የሚያልፈው ኤሌክትሪክ ሽቦው ሊሸከም ከሚችለው በላይ ሲሆን በፊውዙ ውስጥ ያለው ቀጭን ብረት ቀልጦ ይበጠሳል፤ መስመሩም ይቋረጣል። ፊውዝ ባይኖር የሚግለውና የሚቀልጠው ከዳሽቦርዱ ጀርባ፣ ከምንጣፉና ከመቀመጫው ሥር የሚያልፈው ሽቦ በሆነ ነበር። እሳት የሚነሣውም ከዚያ ነው። ስለዚህ የተቃጠለ ፊውዝ የተበላሸ ዕቃ ሳይሆን ሥራውን የፈጸመ ዕቃ መሆኑን አሽከርካሪው አስቀድሞ ሊገነዘብ ይገባል። ፊውዙን መለወጥ ቀላል ነው፤ ያቃጠለውን ምክንያት ሳያውቁ ደጋግሞ መለወጥ ግን አደገኛ ነው።

ጉዳዩ በደጋማ አካባቢዎች ለሚያሽከረክሩ ሁሉ ይበልጥ ያሳስባል። በምሥራቅ ጎጃም ዞን የሲናን ወረዳ መቀመጫ የሆነችው ሮብ ገበያ ከደብረ ማርቆስ በስተሰሜን፣ ከፍታው ከ4,000 ሜትር በላይ በሚደርሰው የጮቄ ተራራ አቅራቢያ ትገኛለች። በክረምት ወራት በዚህ አካባቢ ዝናብና ጉም ስለሚበዛ በቀንም ቢሆን መብራት ሳያበሩ ማሽከርከር የማይቻልባቸው ሰዓቶች አሉ። ስሟን ባገኘችበት የረቡዕ ገበያ ደግሞ መንገዱ በእግረኛ፣ በአህያና በጭነት ይጨናነቃል። በእንዲህ ያለ ጊዜ የዝናብ መጥረጊያው ቢቆም ወይም የፍሬን መብራቱ ቢጠፋ አሽከርካሪው ደብረ ማርቆስ እስኪደርስ ልታገሥ ሊል አይችልም። በመንገድ ዳር ቆሞ ችግሩን በራሱ መፍታት፣ ካልቻለም ጉዞውን ማቋረጥ ይኖርበታል።

የፊውዝ ሳጥኑ የት ይገኛል?

አብዛኞቹ አውቶሞቢሎች ቢያንስ ሁለት የፊውዝ ሳጥኖች አሏቸው። የመጀመሪያው በተሳፋሪው ክፍል ውስጥ፣ ብዙውን ጊዜ ከመሪው በታች በአሽከርካሪው ጉልበት አካባቢ ወይም በዳሽቦርዱ ጎን በበሩ በኩል ይገኛል፤ በአንዳንድ ሞዴሎች ከወረቀት ማስቀመጫው ኪስ ጀርባ ይሆናል። በዚህ ሳጥን ውስጥ ያሉት እንደ ሬዲዮ፣ የውስጥ መብራት፣ ፍሬቻ፣ የዝናብ መጥረጊያና የስልክ መሙያ ሶኬት ያሉትን መስመሮች የሚጠብቁ ናቸው። ሁለተኛው በኮፈኑ ሥር፣ በባትሪው አቅራቢያ ጥቁር ክዳን ያለው የፕላስቲክ ሳጥን ነው። በእርሱ ውስጥ እንደ ራዲያተር ማራገቢያ፣ ክላክስና የፊት መብራት ላሉ ብዙ ኤሌክትሪክ ለሚወስዱ ክፍሎች የተመደቡት ትልልቅ ፊውዞችና ሪሌዎች ይገኛሉ። ይህ አደላደል ከሞዴል ሞዴል ይለያያል። ከዚህ ውጭ በባትሪው የፖዘቲቭ ጫፍ ላይ በቀጥታ የታሰረ ዋና ፊውዝ ሊኖር ይችላል፤ በአንዳንድ መኪናዎች ደግሞ በዕቃ መጫኛው ክፍል ሦስተኛ ሳጥን አለ።

የትኛው ፊውዝ የትኛውን መስመር እንደሚጠብቅ የሚያሳየው ሥዕል በሳጥኑ ክዳን ውስጠኛ ገጽ ላይ ታትሞ ወይም ተለጥፎ ይገኛል። ወደ አገራችን ያገለገሉ ሆነው የገቡ ብዙ መኪናዎች መመሪያ መጽሐፋቸው አብሯቸው ስለማይገኝ ይህ ክዳን ብቸኛው ሰነድ ሊሆን ይችላል። ክዳኑ እንዳይጠፋ መጠበቅ፣ ሥዕሉንም በስልክ ፎቶ አንሥቶ ማስቀመጥ ይመከራል። ጽሑፉ በማይታወቅ ቋንቋ ቢሆንም የመብራት፣ የክላክስና የመጥረጊያ ምልክቶች በአብዛኛው ተመሳሳይ ናቸው። የክዳኑ ሥራ ይህ ብቻ አይደለም፤ ውኃና አቧራም ይከላከላል። ሞተሩ በኃይለኛ ውኃ ሲታጠብ ክዳኑ ላልቶ ከነበረ በፊውዞቹ እግር ላይ ነጭ ወይም አረንጓዴ ዝገት ይፈጠርና ፊውዙ ሳይቃጠል መስመሩ ይቋረጣል።

ችግሩ የፊውዝ መሆኑን ማወቅ

ሳጥኑን ከመክፈት በፊት ምን ምን አብሮ እንደጠፋ ማስተዋል ብዙ ድካም ይቀንሳል። አንድ የፊት መብራት ብቻ ከጠፋ በመጀመሪያ የሚጠረጠረው አምፖሉ ነው። በተለያየ ስፍራ ያሉ ሁለትና ሦስት ነገሮች፣ ለምሳሌ ሬዲዮውና የስልክ መሙያ ሶኬቱ፣ በአንድ ጊዜ ከቆሙ ግን በአንድ ፊውዝ ሥር የሚገኙ ሳይሆኑ አይቀሩም። ፍሬቻው ከወትሮው ፈጥኖ ብልጭ ድርግም ካለ በአብዛኛው ከአምፖሎቹ አንዱ ሞቷል፤ ጨርሶ ካልሠራ ፊውዙን ማየት ይገባል።

አሁን በሥራ ላይ ያሉት አብዛኞቹ ፊውዞች ሁለት ጠፍጣፋ እግሮች ያሏቸው ባለቀለም ፕላስቲኮች ሲሆኑ በመካከላቸው ያለው ቀጭን ብረት በዓይን ይታያል። ብረቱ ከተበጠሰ ፊውዙ ተቃጥሏል። የአበጣጠሱ ሁኔታም የሚናገረው ነገር አለ። ብረቱ ተንኖ ፕላስቲኩ ውስጡ ከጠቆረ ድንገተኛና ብርቱ ኮንታክት መፈጠሩን ያመለክታል፤ በመካከሉ ትንሽ ክፍተት ብቻ ከታየ መስመሩ ከአቅሙ ጥቂት በልጦ ለረጅም ጊዜ ሲሠራ የቆየ ሊሆን ይችላል። ብረቱ ሳይበጠስ የፕላስቲኩ አካል ቀልጦ ከተገኘ ደግሞ ጥፋቱ የፊውዙ ሳይሆን የተቀመጠበት ሶኬት ነው፤ ሶኬቱ ላልቶ ወይም ዝጎ ግለት ፈጥሯል ማለት ስለሆነ ሶኬቱ ሳይጠገን አዲስ ፊውዝ መክተት ጥቅም የለውም። በዓይን ለመለየት ሲያስቸግር በፊውዙ አናት ላይ ያሉትን ሁለት ጥቃቅን የብረት ነጥቦች በቴስተር መለካት ይቻላል፤ ቁልፉ ተከፍቶ በሁለቱም ነጥቦች ላይ 12 ቮልት ገደማ ከተገኘ ፊውዙ ደህና ነው፤ በአንዱ ብቻ ከተገኘ ተቃጥሏል።

አለዋወጡ

መኪናው ከመንገዱ ወጥቶ በደልዳላ ስፍራ ይቆማል፤ የእጅ ፍሬኑ ይያዛል፤ በአካባቢው ቁልቁለት ካለ ለጎማው ታኮ ይደረጋል፤ አንጸባራቂው ሦስት ማዕዘን ምልክትም ከኋላ በበቂ ርቀት ይቀመጣል። በጉም ጊዜ ይህን መዘንጋት ከፊውዙ መቃጠል የባሰ ጉዳት ያስከትላል። ከዚያም ሞተሩ ይጠፋል፣ መብራቶችና ሌሎች ማብሪያዎች ሁሉ ይዘጋሉ፣ ቁልፉም ይነቀላል። ኤሌክትሪክ እያለፈበት ያለ ፊውዝ ሲነቀል ብልጭታ ይፈጥራል፤ ብልጭታውም ሶኬቱን ይበላዋል። የኮፈኑ ሥር ሳጥን የሚከፈት ከሆነ ሞተሩ እስኪበርድ መጠበቅ ያስፈልጋል፤ ሞተሩ ቢጠፋም የራዲያተር ማራገቢያው በድንገት ሊነሣ ስለሚችል እጅን፣ ነጠላንና ፎጣን ከአካባቢው ማራቅ ይገባል።

ፊውዙ በሳጥኑ ውስጥ በተሰካው ትንሽ የፕላስቲክ መንቀያ ተይዞ ሳይጣመም ቀጥ ብሎ ይወጣል። መንቀያው ከጠፋ አፉ ቀጭን የሆነ ፒንሳ በጥንቃቄ መጠቀም ይቻላል፤ ሆኖም የብረት መሣሪያ ሁለት ጎረቤት ሶኬቶችን በአንድ ጊዜ ከነካ ኮንታክት ስለሚፈጥር የኮፈኑ ሥር ሳጥን ሲሆን የባትሪው የኔጌቲቭ ገመድ አስቀድሞ ይፈታ። ሲመለስም መጨረሻ የሚታሰረው እርሱ ነው። በአንድ ጊዜ አንድ ፊውዝ ብቻ መንቀል፣ ከየት እንደወጣም ማስታወስ ያስፈልጋል። አዲሱ ፊውዝ እስከ መጨረሻው ተጭኖ ከገባ በኋላ ቁልፉ ተከፍቶ መስመሩ ይሞከራል፤ ክዳኑም በደንብ ተገጥሞ ይዘጋል።

ሊነኩ የማይገባቸው ፊውዞች መኖራቸውንም ማወቅ ይገባል። የአደጋ መከላከያ አየር ከረጢት መስመርና በባትሪው ጫፍ ላይ የታሰረው ዋና ፊውዝ ለባለሙያ የሚተዉ ናቸው። ዋናው ፊውዝ የሚቃጠለው በከባድ ምክንያት ብቻ ነው።

ቁጥሩና ቀለሙ

በእያንዳንዱ ፊውዝ አናት ላይ የተጻፈው ቁጥር በአምፔር የሚለካ ነው። በተለመዱት ትንንሽና መካከለኛ ባለሁለት እግር ፊውዞች 5 አምፔር ፈካ ያለ ቡናማ፣ 7.5 ቡናማ፣ 10 ቀይ፣ 15 ሰማያዊ፣ 20 ቢጫ፣ 25 ነጭ ወይም ቀለም የሌለው፣ 30 አረንጓዴ ነው። ትልልቆቹ ግን ሌላ የቀለም ሥርዓት አላቸው፤ በእነርሱ ዘንድ ቀይ 50፣ ሰማያዊ ደግሞ 60 አምፔር ነው። በአሮጌዎቹ ላዳዎችና ቮልስዋገኖች የሚገኘው ጫፍና ጫፉ ሾጣጣ የሆነ ክብ ፊውዝም በራሱ ቀለም ይመራል፤ ነጩ 8፣ ቀዩ 16፣ ሰማያዊው 25 አምፔር ነው። ስለዚህ ከቀለሙ ይልቅ በቁጥሩ መተማመን ይሻላል።

የሚተካው ፊውዝ ቁጥሩ በሳጥኑ ክዳን ላይ ከተጻፈው ጋር አንድ መሆን አለበት። ቀድሞ ከነበረው ጋር ማመሳሰል ብቻ አይበቃም፤ የቀድሞው ባለቤት የተሳሳተ አስገብቶ ሊሆን ይችላልና። በችግር ጊዜ አነስ ያለ ቁጥር ማስገባት ቢበዛ መልሶ መቃጠልን ያመጣል፤ ከፍ ያለ ቁጥር ማስገባት ግን ጥበቃውን ከፊውዙ ወደ ሽቦው ያዛውራል። ለ10 አምፔር ተብሎ በተዘረጋ ቀጭን ሽቦ ላይ 30 አምፔር ፊውዝ ሲገባ ሽቦው ግሎ ሽፋኑ እስኪቀልጥ ድረስ ፊውዙ አይበጠስም። የመዳብ ሽቦ ጠምዝሞ ወይም የሲጋራ ፓኬት ብርማ ወረቀት ጠቅልሎ በፊውዙ ስፍራ ማስገባት ከዚህም የከፋ ነው፤ መቼ እንደሚቀልጥ ማንም ሊያውቀው የማይችል ነገር ፊውዝ አይባልም። መለዋወጫ በጠፋበት መንገድ ላይ ተመሳሳይ ቁጥር ያለውን ፊውዝ ከሬዲዮው ወይም ከስልክ መሙያ ሶኬቱ ወስዶ ለመጥረጊያው ወይም ለመብራቱ መጠቀም የተሻለ መፍትሔ ነው። ከሁሉ የሚሻለው ግን ለመኪናው የሚሆኑ ጥቂት ፊውዞችን ከእጅ ባትሪ ጋር ሁልጊዜ መያዝ ነው። ሲገዙም ቁጥሩና የአምራቹ ምልክት በግልጽ የታተመበትን መምረጥ ይገባል፤ በተጻፈበት መጠን የማይበጠስ ርካሽ ፊውዝ በገበያ ላይ አይጠፋም።

ዳግመኛ ሲቃጠል

አዲሱ ፊውዝ እንደገባ ወይም ማብሪያው እንደተነካ ወዲያው ከተቃጠለ በመስመሩ ላይ ኮንታክት አለ፤ ሦስተኛ ፊውዝ መሞከር አያስፈልግም። በመኪናው ብረት ላይ እየተፋገ የተላጠ ሽቦ፣ ውኃ የገባበት የመብራት ቤት፣ ወይም ከእህል ጎተራ አጠገብ ባደረ መኪና ውስጥ አይጥ የበላው ሽቦ ሊሆን ይችላል።

ከቆይታ በኋላ የሚቃጠል ከሆነ ግን ብዙውን ጊዜ መስመሩ ከተሠራለት በላይ ተጭኗል። ለዚህ የተለመደው ምሳሌ ጉሙን ለማሸነፍ ሲባል የሚገጠም ኃይለኛ አምፖል ነው። በ12 ቮልት ሁለት ባለ55 ዋት አምፖሎች በድምሩ 9 አምፔር ገደማ ይወስዳሉ፤ በባለ100 ዋት ሲተኩ ወደ 17 አምፔር ይጠጋል። መስመሩን የሚጠብቀው 15 አምፔር ፊውዝ ከሆነ ወዲያው ሳይሆን፣ ምናልባት ከጥቂት ደቂቃዎች በኋላ፣ ከገበያው ወጥቶ በጨለማው መንገድ መካከል ሊበጠስ ይችላል። መፍትሔውም ፊውዙን ማሳደግ ሳይሆን አምፖሉን ወደ ቀድሞው መመለስ ወይም ተጨማሪውን መብራት በራሱ ሽቦ፣ ሪሌና ፊውዝ ማስዘርጋት ነው። በዐባይ በረሃ ቁልቁለት፣ በጎሃ ጽዮንና በደጀን መካከል፣ የፍሬን መብራት ፊውዙ የተቃጠለበት መኪና ከኋላው ለሚመጣው የጭነት ተሽከርካሪ መቆሙን የሚያሳውቅበት መንገድ የለውም። ወደ ገደሉ ከመውረድ በፊት ሰው ከኋላ አቁሞ ፍሬን በመርገጥ መብራቱን ማረጋገጥ ጥቂት ሰከንድ ቢወስድ ነው።

በኤሌክትሪክ በሚሠሩ አውቶሞቢሎች

በ2016 ዓ.ም. በነዳጅ የሚሠሩ የግል አውቶሞቢሎች ወደ አገር እንዳይገቡ ከተወሰነ ወዲህ በኤሌክትሪክ የሚሠሩት ቁጥራቸው እየጨመረ ነው። እነዚህም ለመብራት፣ ለመጥረጊያና ለሬዲዮ የሚያገለግል የ12 ቮልት ባትሪና የተለመደ የፊውዝ ሳጥን አላቸው፤ እርሱን በሚመለከት ከላይ የተገለጸው ይሠራል። መኪናው ድምፅ ስለሌለው መጥፋቱን በመስማት ማረጋገጥ እንደማይቻል ግን ልብ ይሏል። በብርቱካናማ ሽፋን የተለዩት ወፋፍራም ገመዶችና ከእነርሱ ጋር የተያያዙት ሳጥኖች በመቶዎች የሚቆጠር ቮልት የሚያልፍባቸው በመሆናቸው ለሥራው የሠለጠነ ባለሙያ ካልሆነ ማንም ሊከፍታቸው አይገባም።

ወደ ባለሙያ ሲኬድ

መኪናው ወደ ኤሌክትሪሺያን በሚወሰድበት ጊዜ የተቃጠለውን ፊውዝ ሳይጥሉ ይዞ መሄድ፣ ከየትኛው ቀዳዳ እንደወጣና ስንት ጊዜ እንደተለወጠ መናገር ይጠቅማል። ፊውዙ ሲቃጠል ምን በርቶ እንደነበር፣ ዝናብ ይዘንብ እንደነበር፣ መኪናው ጉድጓድ መትቶ ወይም በቅርቡ ሬዲዮ፣ የሌባ ማስጠንቀቂያ ወይም ተጨማሪ መብራት ተገጥሞለት እንደሆነም መግለጽ ያስፈልጋል። የፕላስቲክ ሽታ ወይም ጭስ ታይቶ ከነበረ መኪናው መነሣት የለበትም፤ የባትሪው የኔጌቲቭ ገመድ ተፈትቶ ባለሙያው ወዳለበት ስፍራ ቢጠራ ይሻላል።