ጊዜን ያቆማል የተባለው ቀይ ድንጋይ

ሰው ከሞት ጋር በገጠመው ረጅም ሙግት በብዙ ነገር ተስፋ አድርጓል፤ በቅጠል፣ በምንጭ፣ በጸሎት። የጥንት ቻይና ነገሥታት ግን ከሁሉ አብልጠው የታመኑት በአንድ ቀይ ድንጋይ ነበር። ማዕድኑ ሲናባር ይባላል፤ ባዜቃና ድኝ ተዋሕደው የሚያስገኙት ነው። እርጅናን ይመልሳል፣ ጊዜን ያቆማል ተብሎ ከ1,500 ዓመታት በላይ በቤተ መንግሥት ሲቀመም ኖሯል። ማን ዕድሜ አገኘበት? ማንስ ዕድሜውን ተቀማበት? የታሪኩ ቁም ነገር ያለው እዚህ ላይ ነው። (ዓመታቱ በሙሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

እምነቱ ከባዶ የተነሣ አልነበረም። ሲናባር በእሳት ሲጋል ቀዩ ድንጋይ ይጠፋና እንደ ብር የሚያበራ፣ እንደ ውኃ የሚፈስ ባዜቃ ይወጣዋል፤ ባዜቃው ከድኝ ጋር ተዋሕዶ በአግባቡ ሲሞቅ ደግሞ ቀዩ ቀለም ይመለሳል። በ3ኛውና በ4ኛው ምዕተ ዓመት የኖረው ገ ሆንግ የተባለ ሊቅ ክርክሩን የመሠረተው በዚሁ ላይ ነው። ሣርና እንጨት ሲቃጠሉ ዐመድ ሆነው ይቀራሉ፤ ይህ ድንጋይ ግን ተቃጥሎ ወደ ራሱ ይመለሳል፤ እንግዲያው የማይጠፋውን የበላ ሰው አይጠፋም ይላል። ድምዳሜው ስሕተት ነው፤ ምልከታው ግን ትክክል ነው። የጥንቱን ሰው በአጉል አምልኮ ብቻ ከስሰን ማለፍ የማይገባን ስለዚህ ነው።

ነገሩ መልኩን የሚለውጠው ተስፋው በገዥዎች እጅ ሲገባ ነው። በ221 ቅ.ል.ክ. ቻይናን በአንድ ዘውድ ሥር ያጠቃለለው ቺን ሺ ሁዋንግ፣ ሹ ፉ የተባለውን ሰው ከብዙ ወጣት ወንዶችና ልጃገረዶች ጋር የማይሞቱት ይኖሩባቸዋል ወደተባሉት ደሴቶች በባሕር ላከ። ከመቶ ዓመት ያህል በኋላ የጻፈው ባለ ታሪኩ ሲማ ቺየን እንደሚነግረን፣ ንጉሠ ነገሥቱ ባ በተባለው አገር ከሲናባር ጉድጓድ ሀብት ላካበተች ቺንግ ለተባለች ባሏ የሞተባት ሴት የመታሰቢያ ሰገነት አሠርቶላታል። ድንጋዩን ከምድር ሆድ ፈልፍለው ስላወጡት ሠራተኞች ግን አንድም ስም አልተመዘገበም። ለንጉሡ መቃብር ሥራ ከ700,000 በላይ ሰዎች ተጋዙ፤ በውስጡ ባዜቃ በወንዝና በባሕር አምሳል ተደረገ፤ የሕንፃውን ምስጢር የሚያውቁ የእጅ ጥበብ ሠራተኞችም በሩ ተዘጋባቸው። ይህን ሁሉ ያወጋው ሲማ ቺየን ነው። በ1980ዎቹ መጀመሪያ የመቃብሩ ጉብታ አፈር ሲመረመር የባዜቃው መጠን ከአካባቢው አፈር እጅግ በልጦ መገኘቱ ቃሉን ደግፎታል።

ባለ መቃብሩ ራሱ የማይሞትበትን መድኃኒት ሲያፈላልግ በ210 ቅ.ል.ክ. በጉዞ ላይ ሞተ። ሹማምንቱ ሞቱን ለመሰወር ሲሉ ጨዋማ ዓሣ በሠረገላ አስጭነው በሽታው የሬሳውን ሽታ ሸፈኑበት። ታሪክ አንዳንዴ ከቀልደኛ የተውኔት ደራሲ ይብሳል።

ከዚያ በኋላ የመጡት ነገሥታት አልተማሩበትም። በ133 ቅ.ል.ክ. ሊ ሻውጁን የተባለ አዋቂ፣ ሲናባር ወደ ወርቅ እንደሚለወጥ፣ ከወርቁ በተሠራ ዕቃ የበላና የጠጣም ዕድሜው እንደሚረዝም ለንጉሠ ነገሥት ዉ ነገረው፤ ዉም አመነው። በታንግ ሥርወ መንግሥት ንጉሠ ነገሥት ሺየንዞንግ መድኃኒቱን ይወስድ ጀመር፤ ቁጡ እየሆነ ሄደ፤ በ820 በጃንደረቦች እጅ እንደ ተገደለ ይነገራል። ዛሬ ባዜቃ ነርቭንና ኩላሊትን እንደሚጎዳ ስለምናውቅ ቁጣው አይደንቀንም። ሹዋንዞንግ ደግሞ በ846 ዙፋን ላይ እንደ ወጣ ከእርሱ በፊት የነበረውን ንጉሥ መድኃኒት ቀማሚ አስገደለ፤ ከዚያም እርሱ ራሱ ያንኑ መድኃኒት ወስዶ በ859 ሞተ። በዚያው ምዕተ ዓመት ቀማሚዎች ድኝንና ናይትሬት የተባለውን ጨው ከማር ጋር ሲያሞቁ እጅና ፊታቸው እንደ ተቃጠለ፣ ቤትም እንደ ነደደ የሚያስጠነቅቅ ጽሑፍ አለ። ዕድሜ ማራዘሚያ ሲሹ ያገኙት ባሩድን ነበር።

ከሁሉ የከፋው የሚንጉ ንጉሠ ነገሥት ጂያጂንግ ነው። ለእርሱ ዕድሜ ሲባል ከልጃገረዶች የወር አበባ ደም መድኃኒት ይቀመም ነበር። በ1542 የቤተ መንግሥቱ ሴቶች ተማክረው በተኛበት በገመድ ሊያንቁት ሞከሩ፤ ቋጠሮው አልጠብቅ ብሎ ዳነ። ብዙ የታሪክ ሊቃውንት የአመፁን ምክንያት ከዚሁ መድኃኒትና ከጭካኔው ጋር ያያይዙታል። አሥራ ስድስት የቤተ መንግሥት ሴቶች በአሠቃቂ ሞት ተቀጡ። እርሱ መድኃኒቱን ሳይተው እስከ 1567 ኖረ። ከታሪኩ ሁሉ ለጸሐፊው የሚከብደው የእነዚህ ሴቶች ጉዳይ ነው፤ የሌላውን ዕድሜ ለማርዘም የራሳቸው ዕድሜ ተቆርጧልና።

ይኸው ማዕድን ግን በሌላ እጅ ሌላ ሥራ ሠርቷል። ከ3,000 ዓመታት በፊት በአጥንትና በኤሊ ድንጋይ ላይ ፊደል የቀረጹ ጸሐፊዎች ሲናባር ፈጭተው በቅርጹ ውስጥ ያሹበት ነበር። ሠዓሊዎች በሥዕላቸው ላይ ያረፈውን ቀይ ማኅተም ያዘጋጁት ከእርሱው ነው። ላከር ከተባለው የዛፍ ፈሳሽ ጋር ሲዋሐድ ደግሞ ውኃና ትል የማይደፍረው ቅብ ይሆናል።

በ1972 በቻንግሻ ከተማ አጠገብ ማዋንግዱይ በተባለው ስፍራ በ2ኛው ምዕተ ዓመት ቅ.ል.ክ. የተቀበረች ወይዘሮ ሬሳ ሳይፈርስ ተገኘ። ሬሳውን ያቆየው የሬሳ ሣጥኑ ድርብርብነት፣ በዙሪያው የተጠቀጠቀው ከሰልና ነጭ ሸክላ ነው። ወይዘሮዋ የሞተችው በ50 ዓመት ዕድሜ ገደማ ሲሆን፣ በሰውነቷ ውስጥ ባዜቃና እርሳስ በብዛት ተገኝቷል፤ ከመድኃኒቱ ሳትወስድ እንዳልቀረች ይገመታል። በአጠገቧ የተቀመጡት የላከር ጽዋዎች ውስጣቸው በሲናባር የቀላ ነው። የሠራቸው ሰው ስም አይታወቅም። ቀዩ ቅብ እስከ ዛሬ ያበራል፤ በላዩም በጥቁር ቀለም፣ እንግዳው ወይን ጠጁን ደስ ብሎት እንዲጠጣ የሚጋብዝ ጽሑፍ ይነበባል።