የጣና ዓሣ በጠርሙስና በውሃ ውስጥ

ቤቱ አኳሪየም ያለው ሰው የሚያውቃት ነገር አለች፦ መልካቸው የሚመሳሰል ሁለት ዓሦች አንዱ ከታች ጠጠር ሲፈትሽ፣ ሌላው ከላይ ሲያሳድድ ይውላል። ልዩነታቸው የሚታየው በሕይወት እያሉ ነው። የጣና ባርቦዎች ለረጅም ጊዜ ሳይንቲስቶችን ያወዛገቡትም በዚሁ ምክንያት ይመስለኛል።

ጀርመናዊው ኤድዋርድ ሩፔል በ1832 (ዓመቶቹ ሁሉ እንደ ፈረንጅ ናቸው) ጎንደር ሲገባ የቤት አኳሪየም ገና አልተለመደም። ለንደን ውስጥ ሮበርት ዋሪንግተን ጎልድፊሽን ከውሃ ተክልና ከቀንድ አውጣ ጋር አኑሮ ውሃው ሳይቀየር መቆየቱን የጻፈው በ1850 ነው። ተክሉ ኦክስጅን ይሰጣል፣ ቀንድ አውጣው የበሰበሰውን ቅጠል ይበላል። ለኢንጂነር ደስ የሚል ሚዛን ነው! ጎንደር ላይ ግን ይጠብባል፤ ከ2,000 ሜትር በላይ ስለሆንን ውሃ የሚይዘው ኦክስጅን ከባሕር ጠለል በአንድ አምስተኛ ገደማ ያንሳል።

ሩፔል እጅ የገባው እንግዲህ የሞተ ዓሣ ነው። በአፍና በቁመና እየለየ በርካታ ዝርያዎችን ሰየመ። በ1973 ኪት ባኒስተር የሙዚየም ናሙናዎችን ለክቶ አብዛኞቹን ወደ አንድ፣ መልኩ ወደሚለዋወጥ ዝርያ ጠቀለላቸው።

በ1990ዎቹ ሊዮ ናገልከርከና ፈርዲናንድ ሲቢንግ ጥያቄውን ቀየሩት፦ ማን ምን ይበላል? የት ይውላል? የት ይራባል? መልሱ 15 ገደማ ዝርያ ሆነ። ስምንቱ ዓሣ በል ናቸው። ይሄ በጣም ይገርማል፤ የዚህ ቤተሰብ ዓሦች መንጋጋቸው ላይ ጥርስ የላቸውም፣ የሚያደቁት ጉሮሯቸው ውስጥ ባለ ጥርስ ነው።

ከፊሎቹ ደግሞ በክረምት ከሐይቁ ወጥተው በጉማራ፣ በድርማና በመገጭ ሽቅብ ይጓዛሉ። እንቁላላቸው ንጹሕ ጠጠርና የሚፈስ ውሃ ይፈልጋል። መገጭ የኛው ነው፤ አንገረብም የሚገባው እሱ ውስጥ ነው። ዓሦቹ ወንዝ አፍ ላይ ሲሰበሰቡ መረብ ይጠብቃቸዋል። ከ1991 እስከ 2001 ባለው ጊዜ ወንዝ ላይ የሚራቡት ብዛት በ75 በመቶ ገደማ ወረደ። ሁሉም አንድ ዝርያ ቢሆኑ «ሐይቁ ውስጥ ሌላ አለ» ብለን እናልፈው ነበር።

መገጭ ላይ ግድብ ተጀምሯል። ለመስኖም ለከተማውም ውሃ ያስፈልጋል፣ እሱን አልክድም። ግን ግድብ ሽቅብ የሚሄደውን ዓሣ ያግዳል፣ ከላይ የሚወርደውንም ጠጠር ያስቀራል። በሙያዬ ያሉ ሰዎች በክረምት ስንት ውሃ ይለቀቅ ብለው ሲያሰሉ ከሐምሌ ጀምሮ የሚደርሰውን ዓሣም ስሌቱ ውስጥ ያስገቡት።