መብራቱ ሲበራ የሚጀምር ፊልም

ጀርመናዊው ዳይሬክተር ቪም ቬንደርስ በ1987 በሠራው ፊልም ውስጥ መላእክት የሚሰበሰቡት ቤተ ክርስቲያን አይደለም፤ ቤተ መጻሕፍት ነው። የምዕራብ በርሊን ትልቁ ቤተ መጻሕፍት። (የፊልሞቹን ዓመት ሁሉ በፈረንጆች አቆጣጠር ነው የምጽፈው፤ የእኛን ስጠቀም እነግራችኋለሁ።) ረጅም ካፖርት የለበሱ መላእክት በመደርደሪያዎቹ መሃል ይዘዋወራሉ፣ አንባቢው አጠገብ ጎንበስ ይላሉ፣ እያንዳንዱ ሰው በልቡ የሚያነበውን ይሰማሉ። የአንባቢዎቹ ሐሳብ አንድ ላይ ሲሰማ እንደ ንብ ቀፎ ነው። ደስ የሚል ነገር ነው፤ ግን ልብ ብላችሁ ካያችሁት አንባቢዎቹ እርስ በርስ አይነጋገሩም። እዚያ ቤት ውስጥ የሚተዋወቁት መላእክቱ ብቻ ናቸው።

ቦታውን ወዲያው ነው ያወቅኩት። የምሕንድስና ተማሪ ሆኜ ያደርኩበት ላይብረሪም እንደዚያው ነበር፤ መላእክቱ ሲቀነሱ። ፈተና ሲደርስ ቦታ የሚያዘው በደብተር ነው፤ ደብተሩ ይቀመጣል፣ ባለቤቱ እራት ሊበላ ይሄዳል። ጋቢ የተከናነበ አለ፣ ኮፍያውን እስከ ዓይኑ የደፋ አለ፣ ፎርሙላ ላይ አገጩን አስደግፎ ያንቀላፋ አለ። አንድ ልጅ ሁለት ዓመት ሙሉ ከፊቴ ተቀምጦ ሲቸክል ስሙን ሳላውቅ ተመረቅን። ካልኩሌተር ተዋውሰናል፤ ያውም በምልክት።

ከቬንደርስ ሠላሳ ዓመት ገደማ ቀደም ብሎ፣ በ1956፣ ፈረንሳዊው አለን ሬኔ በፓሪሱ ብሔራዊ ቤተ መጻሕፍት ላይ ሃያ ደቂቃ ገደማ የሚሆን አጭር ፊልም ሠርቷል። እዚያ ዋናው ገጸ ባሕርይ መጽሐፍ ነው፤ ሲገባ፣ ሲመዘገብ፣ ቁጥር ሲሰጠው እንደ እስረኛ እናየዋለን። ሰው መጨረሻ ላይ ነው የሚመጣው።

እና የማይተዋወቁ ሰዎች በማታ፣ በመጻሕፍት መሃል ተገናኝተው የሚያወሩበት ፊልም ከእኛ ሰዎች የሠራ ይኖር ይሆን ብዬ ስፈልግ፣ ያገኘሁት ፊልም ሳይሆን ቤት ሆነ። ቤቱ ዋሽንግተን ዲሲ፣ ጆርጂያ አቬኑ ላይ፣ ከሃዋርድ ዩኒቨርሲቲ ፊት ለፊት ነው። ስሙ ሳንኮፋ። የመጽሐፍ መደብርም፣ ካፌም፣ ፊልም ማሳያም ነው። የከፈቱት ኃይሌ ገሪማና ባለቤቱ ሺሪኪያና አይና ናቸው፤ ሁለቱም ፊልም ሠሪዎች። ፊልም ሠሪ መጽሐፍ ቤት የሚከፍተው ምን ቆርጦት ነው? ለዚህ መልሱ ያለው ፊልሞቹ ውስጥ ነው።

ኃይሌ በ1946 ጎንደር ተወለደ። አባቱ ገሪማ ታፈረ «ጎንደሬ በጋሻው»ን የጻፉት አርበኛ፣ መምህርና ጸሐፌ ተውኔት ናቸው። ልጁ መጀመሪያ ያወቀው ተመልካችና ተዋናይ በአንድ ቦታ የሚተነፍሱበትን ቲያትር ነው ማለት ነው። በ1967 ቲያትር ሊማር ቺካጎ ሄደ፤ ከዚያ ሎስ አንጀለስ፣ ዩሲኤልኤ፣ የፊልም ትምህርት ቤት። እዚያ ከእነ ቻርልስ በርኔት ጋር የገጠመው የጥቁር ተማሪዎች ስብስብ ኋላ «የሎስ አንጀለስ ዓመፅ» የሚል ስም ተሰጠው። ሆሊውድ አፍንጫቸው ሥር ነው፤ እነሱ ደግሞ ሆሊውድ የሚሠራበትን መንገድ በሙሉ አንፈልግም ያሉ ልጆች ናቸው።

የመጀመሪያ ፊልሙ «የአሸዋ ሰዓት» ይባላል፤ 1971፣ ከሩብ ሰዓት የማይበልጥ የተማሪ ሥራ። ታሪኩን በአንድ ዓረፍተ ነገር መናገር ይቻላል፦ ለነጭ ተመልካች ቅርጫት ኳስ የሚጫወት ጥቁር ወጣት ፍራንዝ ፋኖንን የመሰሉ ጸሐፊዎችን ማንበብ ይጀምራል፣ ከዚያ በኋላ እንደ ድሮው መጫወት አይችልም። አለቀ። ፋኖንን ላነበበ ሰው ይህ የታወቀ ነገር ይመስላል። ለእኔ ግን የገረመኝ ሌላ ነው፤ የፊልም ሥራውን ገና ሲጀምር ካሜራውን ያዞረው ወደሚያነብ ሰው ነው። ማንበብ እኮ ለካሜራ ከመተኛት የማይሻል ነገር ነው፤ ምንም እንቅስቃሴ የለውም። ውስጥ ያለውን ግርግር ለማሳየት ምስሎቹን መቆራረጥ፣ ጊዜን ማጣመም የግድ ነው። «ኤክስፐርመንታል» የሚባለው ነገር እዚህ ሰው ላይ ለፋሽን የመጣ አይደለም።

በዚያው ጊዜ በዚያው ዩኒቨርሲቲ ሌላ ኢትዮጵያዊ ነበር፤ ተሾመ ገብርኤል። ካሜራ ሳይሆን ብዕር የያዘ። በ1982 ያሳተመው ስለ ሦስተኛው ሲኒማ የተጻፈ መጽሐፍ የአፍሪካን፣ የእስያንና የላቲን አሜሪካን ፊልም ለሚያጠና ሁሉ መነሻ ሆኗል። ሦስተኛው ሲኒማ የሚለው ስም ራሱ የመጣው ከአርጀንቲና ነው። ፈርናንዶ ሶላናስና ኦክታቪዮ ጌቲኖ በ1968 የእቶኖቹ ሰዓት የሚል የአራት ሰዓት ፊልም ሠሩ፤ አገራቸው በወታደር አገዛዝ ሥር ስለነበረች በድብቅ፣ በየሰው ቤት ነበር የሚታየው። ፊልሙ መሃል ላይ ሆን ተብሎ የተተወ ክፍተት አለ፦ ፕሮጀክተሩ ይቆማል፣ ተመልካቹ ይወያያል፣ ከዚያ ይቀጥላል። እስቲ አስቡት። በማታ፣ በር ተዘግቶ፣ ምናልባት ለመጀመሪያ ጊዜ የተያዩ ሰዎች፣ ፊልሙ ራሱ «አሁን እናንተ ተናገሩ» ሲላቸው። ለእኔ ይህ ከቬንደርስ መላእክት ይበልጣል።

ኃይሌ ቁም ብሎ የሚያዝ ክፍተት አላስገባም። ፊልሞቹ ግን ተመልካቹን ዝም ብሎ የማያስወጣ ጠባይ አላቸው። «ቡሽ ማማ» በሚለው የ1975 ሥራው መክፈቻ ላይ ፖሊሶች ጥቁር ወጣቶችን መንገድ ላይ አስቁመው ሲፈትሹ እናያለን። ትወና አይደለም፤ የሚፈተሹት የራሱ የፊልሙ ሠራተኞች ናቸው፣ ካሜራው ደግሞ እየቀረጸ ነበር።

ወደ አገር ቤት ስንመጣ «ምርት ሦስት ሺህ ዓመት» አለ። በ1974፣ በአብዮቱ ዓመት፣ ኃይሌ አገሩ ተመልሶ በጥቁርና ነጭ፣ በ16 ሚሊ ሜትር፣ በአብዛኛው ተዋናይ ካልሆኑ ሰዎች ጋር በሁለት ሳምንት ገደማ ቀረጸው። ሁለት ሰዓት ተኩል ነው። አንድ የጢሰኛ ቤተሰብ፣ አንድ ባለመሬት፣ እና ከበበ የሚባል እንደ እብድ የሚቆጠር የቀድሞ አርበኛ። ሰዎች በጣም ቀርፋፋ ነው ይሉታል፤ ልክ ናቸው። ሰው ከኮረብታው ማዶ ብቅ ብሎ እስኪደርስ ትጠብቃላችሁ። ገጠር ያደገ ሰው ግን ያንን ፍጥነት ያውቀዋል፤ ከጅጋ ወጣ ብላችሁ ከገበያ የሚመለስ ሰው ብታዩ ልክ በዚያ ፍጥነት ነው የሚመጣው። ፊልሙ በሎካርኖ ተሸለመ፣ ዓለም ዞረ፣ በ2006 ካን ላይ ከታላላቆቹ ቆየት ያሉ ፊልሞች ጋር እንደገና ታየ።

ከዚያ «ሳንኮፋ» መጣ፤ 1993። ጋና የባሪያ ንግድ ምሽግ ውስጥ ፎቶ የምትነሳ ዘመናዊ ሞዴል ወደ ኋላ ተጎትታ ባሪያ ሆና ትነቃለች። ስሙ የአካን ቃል ነው፤ ተመልሰህ ውሰድ ማለት ነው። በበርሊን ፌስቲቫል ለውድድር ቀረበ። አሜሪካ ውስጥ ግን የሚያከፋፍለው ጠፋ። እነ ኃይሌ ምን አደረጉ? ዋሽንግተን ውስጥ ሲኒማ ቤት ተከራዩ። ራሳቸው ማስታወቂያ በተኑ፣ በየአብያተ ክርስቲያናቱና በየማኅበሩ ዞሩ፣ ሰው ለሰው ተነጋገረ፣ ወረፋ ተሠራ። ከዚያ በየከተማው እንዲሁ። በእኛ ሙያ ቋንቋ የሰው ሰርቨር ሲከለከሉ የራሳቸውን ሰርቨር ተከሉ።

ብዙ ሰው ታሪኩን እዚህ ላይ ያቆመዋል፤ «ታግሎ አሸነፈ» ብሎ። እኔን የሚስበኝ ቀጥሎ ያለው ነው። ከፊልሙ የተገኘው ገንዘብ ቪላ ወይም ስቱዲዮ ብቻ ሊሆን ይችል ነበር። በ1990ዎቹ ማብቂያ ግን ሳንኮፋ መጽሐፍ ቤት ተከፈተ። በቀን መጽሐፍ ይሸጣል፣ ሳንድዊች ይበላል (የምግብ ዝርዝሩ ላይ የጥቁር ፊልም ሠሪዎች ስም አለ ይባላል፤ ቀልዱን ወድጄዋለሁ)፣ ማታ ማታ ፊልም ይታያል፣ ደራሲ ይመጣል፣ ሰው ይከራከራል። ፊልሙ አልቆ መብራቱ ሲበራ ሰዎቹ የሚሄዱበት ቦታ ከሌለ ሥራው ግማሽ ነው ያለ ሰው የሚሠራው ቤት ነው። አካባቢው እየተወደደ፣ ነባሩ ነዋሪ እየለቀቀ ሲመጣ የንብረት ግብሩ ቤቱን ሊያዘጋው ነበር፤ በ2019 ደንበኞቹ ተነሥተው ጮኹ፣ የከተማው ምክር ቤትም ለአሥር ዓመት የግብር እፎይታ ሰጠ። የሲኒማ ቤት ተመልካች ለሲኒማ ቤቱ ምክር ቤት ድረስ ሄዶ ሲሟገት አይታችሁ ታውቃላችሁ?

በ2021 «ሳንኮፋ» ታድሶ ኔትፍሊክስ ላይ ወጣ። ሃያ ስምንት ዓመት አንወስድህም የተባለ ፊልም በአንድ ሌሊት በብዙ አገር ተከፈተ። ጥሩ ነው። ግን የእኔ አገር ሰዎች እንዲህ ዓይነት ነገር የሚያዩት በምን ይመስላችኋል? በእኔ ልጅነት ጅጋ ውስጥ ቪዲዮ ቤት ነበር። አግዳሚ ወንበር፣ በጆንያ የተጋረደ መስኮት፣ አንድ ቴሌቪዥን። የምናየው የህንድና የድብድብ ፊልም ነው፤ ቋንቋው ስለማይገባን ከፊት ያሉት ጎረምሶች እየተረጎሙ (በአብዛኛው እየፈጠሩ) ነበር የምናየው። ኋላ ዲኤስቲቪ ቤት ተተካ፣ እሱም ለኳስ። አሁን ሁሉም በየስልኩ ነው። በ2015 ዓ.ም. (በእኛ አቆጣጠር) አማራ ክልል የሞባይል ኢንተርኔት ሲቋረጥ ስልኩም ለወራት ዝም አለ። ያኔ በሰዎች እጅ የቀረው ፍላሽ ላይ ያለው ብቻ ነበር። ማታ ተሰብስቦ ማየትም በሰዓት እላፊ ጊዜ የሚታሰብ አይደለም።

«ምርት ሦስት ሺህ ዓመት»ን አያቴ ጋ በላፕቶፕ ይዤው የሄድኩት ነገሩ ጋብ ባለበት ሰሞን፣ በበዓል ነው። ቡና ተፈልቶ ነበር፤ አንድ ጎረቤታችንም አሉ፣ ዕድሜያቸው ከአያቴ ብዙም አይርቅም። ማስረዳት አላስፈለገኝም፤ ቋንቋው አማርኛ፣ ሥራው እርሻ። አያቴ በሬዎቹን አየ፣ አጠማመዱን ተቸ። ባለመሬቱ ወንበር ላይ ተቀምጦ ገበሬውን ሲያመናጭቅ ግን ፊቱ ተለወጠ።

«አንተ ልጅ፣ አቁመው እስቲ። ይኸ የማን አገር ነው?»

ኢትዮጵያ ነው አልኩት።

«ጎጃም አይደለም። እኛ የሰው ጢሰኛ አልነበርንም፤ ርስት ነው ያለን።»

ታሪኩን ለምታውቁ እውነቱን ነው። ከደቡቡ በተለየ ጎጃም ውስጥ ብዙው ገበሬ ባለርስት ነበር። በ1960 ዓ.ም. (ይህም በእኛ አቆጣጠር) አዲሱ የእርሻ ገቢ ግብር ሲታወጅ ደጋ ዳሞትን ጨምሮ የጎጃም ገበሬ ጠመንጃ ያነሳው «መሬቴን ሊለኩ፣ ርስቴን ሊወስዱ ነው» ብሎ ነው። መንግሥት ጦር ላከ፤ በኋላ ግን ጠቅላይ ገዥው ጸሐዩ እንቁ ሥላሴ ተነሡ፣ ግብሩም በተግባር ሳይሰበሰብ ቀረ። አያቴ ያኔ ከብት ጠባቂ ልጅ ነበር፤ ወንዶቹ ሲወጡ አይቷል። ይህን እያነሳ፣ ድምፁ ከፍ እያለ፣ ፊልም ሠሪው አገሩን አያውቅም ወደማለት ደረሰ።

ጎረቤታችን ስኒያቸውን አስቀመጡ።

«አያ፣ ያንተ አባት ርስት ነበረው። የእኔ አባት ሸማኔ ነበር። እጀ ሥራ ያለው ሰው ርስት አይነካም ተብሎ የእናንተን መሬት የእኩል እያረሰ ነው ያሳደገን። እኔ ይኸን ሰውዬ አውቀዋለሁ።» ጣታቸው ስክሪኑ ላይ የቆመውን ባለመሬት ያመለክታል።

ሁለቱ ሰዎች አርባ ዓመት በላይ በአንድ አጥር የሚለያዩ ጎረቤታሞች ናቸው። አብረው ቀብረዋል፣ አብረው ድረዋል፣ በአንድ ዕድር ናቸው። አያቴ ለረጅም ጊዜ ምንም አልተናገረም። ከዚያ፣ «የትኛውን መሬት ነበር የሚያርሰው?» ብሎ ጠየቀ፤ ጎረቤታችንም ቦታውን፣ ወንዙን፣ ድንበሩ ላይ የነበረውን ዋርካ እየጠሩ ይነግሩት ጀመር። ቡናው ሁለተኛው ደርሶ ነበር። መብራት ስላልነበረ ላፕቶፑ በባትሪ ነው የሚሠራው፤ እነሱ ሲያወሩ ስክሪኑን ዘጋሁት። አርባ ደቂቃ ነው ያየነው። አንድ ሰዓት ከሃምሳ ደቂቃ ይቀረዋል።