የአገሩን ታሪክ በፊልም የጻፈ ሰው

አገር የምትታወቀው በልጆቿ ሥራ ነው። ከእነዚህም አንዱ እ.ኤ.አ. በ1946 በጎንደር የተወለዱት ፕሮፌሰር ኃይሌ ገሪማ ናቸው። አባታቸው ቴአትር እየደረሱ በየገጠሩ ያሳዩ ነበር። ልጅየውም በአሜሪካ የፊልም ጥበብ ተምረው ያባታቸውን መንገድ ተከተሉ፤ በ1993 ያወጡትን «ሳንኮፋ»ን የሚያከፋፍልላቸው ቢያጡ፣ አዳራሽ እየተከራዩ ራሳቸው አሳዩት። በ1999 በወጣው «አድዋ» በተባለው ዘጋቢ ፊልማቸው ደግሞ የድሉን ታሪክ በሽማግሌዎች አንደበት፣ በዜማና በሥዕል አቀረቡ።

እኛስ? የጌዴኦ ባህላዊ መልክዓ ምድር በመስከረም 2016 ዓ.ም. በዩኔስኮ የዓለም ቅርስ ሆኖ ተመዝግቧል። ነገር ግን ያልተቀዳ የአያት ዜማ ከባለቤቱ ጋር ይቀበራል። ስለዚህ፣ የዲላ ተማሪዎች ሆይ፣ በየእጃችን ባለው ስልክ አያቶቻችንን ዛሬውኑ እንቅዳ፤ የሚያሳይልን እስኪመጣም አንጠብቅ።