ያለ ማስታወሻ ጦርነትን የተረከው መምህር

እ.ኤ.አ. በ1957 አንድ የኦክስፎርድ የታሪክ መምህር የእንግሊዝ ቴሌቪዥን ካሜራ ፊት ቆሞ ስለ ሩሲያ አብዮት ማስተማር ጀመረ። በእጁ ወረቀት የለም፤ የሚያነበው ጽሑፍ የለም። ግማሽ ሰዓቱን በቃሉ ይሞላዋል። ሰውየው ኤ. ጄ. ፒ. ቴይለር ይባላል። የዩኒቨርሲቲን ደጅ ረግጦ የማያውቅ ሠራተኛ ሳይቀር ቤቱ ቁጭ ብሎ የአንደኛውን የዓለም ጦርነት መነሻ ከእሱ ሰማ። በ1976 ደግሞ በቢቢሲ ስለ ሙሶሊኒ፣ ሂትለር፣ ቸርችል፣ ስታሊንና ሩዝቬልት አስተማረ።

ቴይለር ነገር ማሳጠር ያውቅበታል። በጣም የታወቀው ሐሳቡ የባቡር ሰሌዳው ነው። በ1914 ጀርመን ሩሲያ ሠራዊቷን አሰባስባ ሳትጨርስ ፈረንሳይን ለመምታት አቅዳ ነበር። ዕቅዱ በባቡር ሰዓት የተሰላ በመሆኑ አንዴ ከተጀመረ ማቆም አልተቻለም፤ ጦርነቱን ያመጣው ይኸው ነው ይላል።

ለጆሮ ይጥማል። ግን አንድ ነገር ይሸፍናል፤ ሰሌዳውን ያወጣው ሰው ነው፣ ትእዛዙን የፈረመው ሰው ነው። ጀርመናዊው የታሪክ ምሁር ፍሪትዝ ፊሸር በ1961 ባሳተመው መጽሐፍ የአገሩን መሪዎች የመስፋፋት ምኞት ከሰነድ እየጠቀሰ አወጣ። ጥፋቱን በባቡር ላይ ካላከኩት ተጠያቂ አይኖርም።

በዚያው ዓመት ቴይለር ስለ ሁለተኛው የዓለም ጦርነት መነሻ የጻፈው መጽሐፍ ወጣ። ሂትለር አስቀድሞ የነደፈው የጦርነት ዕቅድ አልነበረውም፣ ያገኘውን አጋጣሚ ሁሉ የሚጠቀም ሰው ነበር አለ። የኦክስፎርዱ ፕሮፌሰር ሂዩ ትሬቨር ሮፐር ተቆጣ፤ ሂትለር ያሰበውን ራሱ ቀድሞ ጽፎታል ሲል ሞገተ። ሁለቱ በቴሌቪዥን ፊት ለፊት ተከራከሩ። ለተመልካቹ ከሁሉም የበለጠ የጠቀመው ምናልባት ይህ ምሽት ነው። ታሪክ ተሰምቶ የሚታመን ብቻ ሳይሆን በማስረጃ የሚፋለሙበት ጉዳይ መሆኑን በዓይኑ አየ።

የቴይለር መጽሐፍ ለኢትዮጵያዊም ጣፋጭ ነገር አለው። የመንግሥታት ማኅበር በትክክል የሞተው በታኅሣሥ 1935 ነው ይላል። የእንግሊዙ ሆርና የፈረንሳዩ ላቫል ሰፊ የኢትዮጵያን መሬት ለሙሶሊኒ ለመስጠት የተስማሙት ያኔ ነበር። አንጀት ያርሳል። ነገር ግን ስለጣፈጠ ብቻ ከመፈተሽ አያመልጥም፤ የባቡሩ ታሪክም ጣፋጭ ነበር።

ዛሬ በየቻናሉ አንድ ምሁር ብቻውን ተቀምጦ ስለ ጦርነት ይተርካል፤ ጋዜጠኛው አንገቱን ይነቀንቃል። የአንዱን ወገን ቃል ብቻ ሰምቶ የሚፈርድ ዳኛ ግን ዳኛ አይባልም። ጥሩ ተራኪ ይጋበዝ፤ አጠገቡም «ማስረጃህ የታል?» የሚለው ሌላ ምሁር ይቀመጥ።