የመቅደላ ንዋይና የባሻ ፈለቀ ወዳጅነት

ልብ ወለድ ታሪክን ማንበብ የሚወድ ሰው ሁሉ እንደሚያውቀው፣ የደራስያን ብልኃት ከሚገለጥባቸው መንገዶች አንዱ፣ በገበያ ሚዛን ብዙ የማያወጣውን ዕቃ አስጠፍቶ የባለቤቱን ልብ ይዞት እንደ ሄደ ማሳየት ነው፤ ሌላውም በዘር፣ በዕድሜና በማዕረግ የማይገናኙትን ሁለት ሰዎች በመከራ ቀን አገናኝቶ ወዳጆች ማድረግ ነው። አፈወርቅ ገብረ ኢየሱስ በ1900 ዓ.ም. በሮም አሳትመውት በኋላ «ጦቢያ» ተብሎ የታወቀው የመጀመሪያው የአማርኛ ልቦለድ፣ ለተማረከ መኰንን ቸርነት ያደረገውን ነጋዴ፣ የመኰንኑ ልጅ ዋሕድ ውለታውን ሊከፍለው ሲፈልግ የሚደርስበትን መከራ የሚተርክ ስለ ሆነ፣ ልቦለዳችን ገና ሲወለድ ያልታሰበ ወዳጅ ይዞ ተወለደ ብንል ከእውነት አንርቅም። እኔ ግን ዛሬ የምጽፈው ማንም ደራሲ ሳይፈጥራቸው በታሪክ መዝገብ ላይ ስለ ተገኙት፣ በመቅደላ አምባ ስለ ጠፉት ዕቃዎችና በዚያው ስለ ተጀመረው ወዳጅነት ነው።

የዐፄ ቴዎድሮስ ቤተ መንግሥት አስቀድሞም ለእንዲህ ያለ ወዳጅነት እንግዳ አልነበረም። ጆን ቤል የሚባለው እንግሊዛዊ ቀድሞ ራስ ዓሊን ያገለገለ ሲሆን፣ በኋላ ግን ለዐፄ ቴዎድሮስ አድሮ የሊቀ መኳስነትን ማዕረግ አገኘ፤ ሊቀ መኳስ ማለትም በጦርነት ቀን እንደ ንጉሡ ለብሶ የጠላትን ጦር ወደ ራሱ የሚስብ፣ ስለዚህም ንጉሡ ከነፍሱ አብልጦ የሚያምነው ሰው ነው። የአገሩ ልጅ ቆንሲል ፕላውደን በ1852 ዓ.ም. ጐንደር አጠገብ በሸፍቶች እጅ ወድቆ በሞተ ጊዜ፣ ንጉሠ ነገሥቱ ደሙን ሊበቀሉ ሲዘምቱ፣ ቤል በዚያ ዘመቻ ላይ ጌታውን ሲከላከል ተገደለ። ንግሥት ቪክቶሪያም ለአገልጋያቸው ለፕላውደን ስለ ተደረገው ቸርነት የምስጋና ቃል የተቀረጸበት ሽጉጥ ለዐፄ ቴዎድሮስ ላኩላቸው። ይህ ወዳጅነት ግን በኋላ ወደ ጠብ ተለወጠና፣ ሚያዝያ 6 ቀን 1860 ዓ.ም.፣ በትንሣኤ ማግሥት፣ የእንግሊዙ ጄኔራል የናፒየር ወታደሮች የመቅደላን በር ሰብረው ሲገቡ ንጉሠ ነገሥቱ ሕይወታቸውን ያሳለፉት በዚሁ የወዳጅነት ስጦታ ነው። ይህን ልቦለድ ጸሐፊ ቢጽፈው ኖሮ፣ ነገሩን ለማሳመር ብሎ የፈጠረው ነው ተብሎ በተነቀፈ ነበር።

ከዚያ በኋላ የሆነው ብዝበዛ የታወቀ ነው። ንጉሠ ነገሥቱ ለመድኃኔ ዓለም ቤተ ክርስቲያን ያከማቹት ንዋየ ቅድሳት፣ አክሊሉ፣ ጽዋው፣ ታቦቱና የብራናው መጽሐፍ በ15 ዝሆኖችና ወደ 200 በሚጠጉ በቅሎዎች ተጭኖ ወደ ደላንታ ሜዳ ከወረደ በኋላ፣ በዚያ ሁለት ቀን ሙሉ በሐራጅ ተሸጠ፤ ገንዘቡም ለወታደሮቹ ተከፋፈለ። ወደ 350 የሚደርሱ የብራና መጻሕፍትም ወደ ብሪትሽ ሙዚየም ገቡ። እውነቱን ለመናገር፣ ከእነዚህ መጻሕፍት ብዙዎቹን ዐፄ ቴዎድሮስ ራሳቸው ከጐንደር አድባራት በኃይል ያስመጧቸው ስለ ነበሩ፣ ለጐንደር ካህናት የንብረታቸው መጥፋት የጀመረው እንግሊዝ ከመምጣቱ በፊት ነው፤ ይህን የሚያነሣ ጸሐፊ ግን ጥቂት ነው።

ከጠፋው ሁሉ ግን የኢትዮጵያን ነገሥታት ልብ ይዞ የሄደው፣ ከወርቁም ከብሩም ይልቅ፣ በእንጨት ገበታ ላይ የተሣለ አንድ ሥዕል ነው፤ እርሱም የእሾኽ አክሊል የደፋው የክርስቶስ ሥዕል፣ ኵርዓተ ርእሱ ነው። ሥዕሉ በኢትዮጵያዊ እጅ እንዳልተሣለ ብዙ ሊቃውንት ይናገራሉ፤ ነገር ግን ነገሥታቱ በዘመቻ ጊዜ በፊታቸው ያስይዙት፣ መኳንንቱም የታማኝነት መሐላ ይምሉበት ስለ ነበረ፣ ከአገሩ ልጆች ሥራ ሁሉ በላይ የአገር ሆነ። በዳግማዊ ኢያሱ ዘመን፣ በ1736 ዓ.ም.፣ የንጉሡ ሠራዊት በስናር ድል በሆነ ጊዜ ሥዕሉ ተማርኮ ነበርና፣ ቤዛ ተከፍሎ ወደ ጐንደር ተመለሰ። ለምርኮኛ ሰው እንደሚደረገው ቤዛ የተከፈለለት ሥዕል፣ ዕቃ መባሉ ቀርቶ ከቤተ ሰብ መቈጠሩ ምን ያስደንቃል?

ሥዕሉ ሁለተኛ ጊዜ በተማረከ ጊዜ ግን ቤዛ የሚቀበል እንኳ ጠፋ። ዐፄ ዮሐንስ አራተኛ በ1864 ዓ.ም. ወደ እንግሊዝ መንግሥት ጽፈው ክብረ ነገሥት የተባለው መጽሐፍና ኵርዓተ ርእሱ እንዲመለሱላቸው በለመኑ ጊዜ፣ ከሁለት የክብረ ነገሥት ቅጂዎች አንዱ ተመለሰላቸው፤ ሥዕሉ ግን ፈጽሞ እንዳልተገኘ፣ ወደ እንግሊዝ አገርም እንዳልመጣ እንደሚገመት መልስ ተሰጣቸው። ዳሩ ግን ሥዕሉን ከንጉሠ ነገሥቱ እልፍኝ የወሰደው የብሪትሽ ሙዚየም መልእክተኛ ሪቻርድ ሆምዝ፣ በራሱ ቤት ሸሽጎት ነበር። ይህም ሰው ከ1870 እ.ኤ.አ. ጀምሮ በዊንድሶር ቤተ መንግሥት የንግሥቲቱ የቤተ መጻሕፍት ሹም ሆኖ ይሠራ ነበርና፣ የኢትዮጵያ ንጉሥ አጥብቀው የሚፈልጉት ሥዕል ከንግሥቲቱ ሹም እጅ ነበር። በ1905 እ.ኤ.አ. ሆምዝ ራሱ በአንድ የሥነ ጥበብ መጽሔት ላይ እስኪገልጠው ድረስ ይህን ያወቀ አልነበረም። ሆምዝም ከሞተ በኋላ ሥዕሉ በ1917 እ.ኤ.አ. በሎንዶን በሐራጅ ተሸጠ፤ ዛሬ የሚገኘው በፖርቱጋል አገር ነው።

ከመቅደላ ከተወሰዱት አንዱ ግን ዕቃ አልነበረም፤ የሰባት ዓመት ልጅ ነበር። ደጃዝማች ዓለማየሁ የዐፄ ቴዎድሮስና የእቴጌ ጥሩወርቅ ልጅ ሲሆን፣ እናቱ ደግሞ ዐፄ ቴዎድሮስ በደረስጌ ድል ያደረጓቸው የደጃዝማች ውቤ ልጅ ነበሩ። እቴጌይቱ ከእንግሊዝ ጦር ጋር ወደ ባሕር ሲወርዱ በመንገድ ታመው ትግራይ ላይ አረፉና በጨለቆት ተቀበሩ፤ ሕፃኑም አባትና እናቱን በአንድ ወር ያህል ጊዜ ውስጥ አጥቶ ብቻውን ቀረ። በዚህ ጊዜ ነው ካፒቴን ትሪስትራም ስፒዲ የተባለው መኰንን ሞግዚት ሆኖ የተሾመለት። ይህ ቁመቱ የሰው መነጋገሪያ የነበረ ቀይ ጢማም ሰው፣ ቀድሞ የዐፄ ቴዎድሮስን ወታደሮች ሰልፍ ሲያስተምር አማርኛ የለመደ፣ በአገራችንም ባሻ ፈለቀ ተብሎ የታወቀ ነበር። ሕፃኑን የማረከው ጦር አስተርጓሚ እርሱ መሆኑ አይካድም፤ ነገር ግን ወደ እንግሊዝ አገር በወሰዳቸው መርከብ ላይ ለልጁ የእናቱን ቋንቋ የሚናገርለት ሌላ ሞግዚት አልነበረውም። ሌሊት ባሻ ፈለቀ አጠገቡ ካልተኛ እንቅልፍ አይወስደውም ነበር ይባላል። በዋይት ደሴት ላይ በ1868 እ.ኤ.አ. ጁሊያ ማርጋሬት ካሜሮን የተባለችው ፎቶግራፍ አንሺ ሁለቱን በኢትዮጵያ ልብስ አንሥታቸዋለች፤ በሥዕሎቹም ላይ ልጁ ፊቱን አጨፍግጎ ወደዚያ ትልቅ ሰው ተጠግቶ ይታያል።

ባሻ ፈለቀ ልጁን ይዞ ወደ ሕንድ አገርና ወደ ፔናንግ ሄደ፤ ነገር ግን በ1871 እ.ኤ.አ. የእንግሊዝ መንግሥት ልጁ በእንግሊዝ አገር ይማር ብሎ፣ ንግሥቲቱ እየተቃወሙ፣ ከሞግዚቱ ለየው። የዚያ ውሳኔ ምክንያት በመዝገብ ላይ ሲነበብ ጨዋነት ያለው ይመስላል፤ እኔ ግን ጭካኔ ነው እላለሁ፣ ልጁ ከባሻ ፈለቀ ሲለይ አማርኛውንም አብሮ አጥቶአልና። ከዚያ በኋላ በቸልትናም፣ በራግቢ፣ ቀጥሎም በሳንድኸርስት የጦር ትምህርት ቤት ያሳለፈው ዘመን ደስታ ያልነበረው ነው። በአገር ቤት የቀሩት አያቱ ወይዘሮ ላቂያዬ ደብዳቤ ይጽፉለት ነበር፤ እርሱ ግን የአያቱን ቃል በራሱ ማንበብ የማይችልበት ዘመን መጣ። ኅዳር 5 ቀን 1872 ዓ.ም. በሊድስ ከተማ በ18 ዓመቱ በሳምባ በሽታ ሞተ፤ በንግሥቲቱም ፈቃድ በዊንድሶር ተቀበረ። ስለ እንግዳ አቀባበል ከሚናገረው የማቴዎስ ወንጌል ክፍል የተወሰደ ቃልም በመታሰቢያው ላይ ተጽፎለታል። ልጁ ሲቀበር ኵርዓተ ርእሱን የሸሸገው ሆምዝ በዚያው በዊንድሶር የቤተ መጻሕፍቱ ሹም ነበር።

ከተዘረፈው ንዋይ ጥቂቱ ተመልሶአል። በ1925 እ.ኤ.አ. አንድ አክሊል ለንግሥት ዘውዲቱ፣ በ1965 እ.ኤ.አ. ደግሞ ንግሥት ኤልሳቤጥ ሲመጡ የዐፄ ቴዎድሮስ ማኅተምና ቆብ ተመልሰዋል። በ2019 እ.ኤ.አ. የመለሱት ግን ከንጉሠ ነገሥቱ ሬሳ ላይ የተቈረጠ ጠጉር ነበር፤ ሥራ የማይሠራበት፣ ዋጋም የማይወጣለት ይህ ጠጉር ሲመጣ ሕዝቡ ያሳየው ስሜት ለአክሊሉ ከሚገባው የሚያንስ አልነበረም። የልዑል ዓለማየሁ ዐፅም እንዲመለስ የቀረበው ልመና ግን በ2023 እ.ኤ.አ. የሌሎችን ሙታን ዕረፍት ሳያውኩ ማውጣት አይቻልም በሚል ምክንያት ተከልክሎአል።

ግርማቸው ተክለ ሐዋርያት «ቴዎድሮስ» የተባለውን ቴያትር፣ ብርሃኑ ዘሪሁን «የቴዎድሮስ ዕንባ»ን፣ አቤ ጉበኛም «አንድ ለናቱ»ን ጽፈውልናልና ንጉሠ ነገሥቱ ደራሲ አላጡም፤ በእነዚህ ሥራዎች ላይ አንባቢ የሚያየው ግን ከሁሉ በፊት የአባትየውን ግርማ ነው። ልጁን ዋና ባለ ታሪክ አድርጋ በ2012 እ.ኤ.አ. ልቦለድ የጻፈችለት ኤልሳቤጥ ሌርድ የምትባል ብሪታንያዊት ናት። በእርስዋ አልፈርድም፤ ነገር ግን ያ ልጅ ማታ ማታ ከባሻ ፈለቀ ጋር የተጫወተው በአማርኛ ነውና፣ ያን ጨዋታ በአማርኛ የሚጽፍ ደራሲ ያስፈልገናል። ይህን ሥራ ለመጀመር የሚያስብ ወጣት ጸሐፊ ካለ፣ የወይዘሮ ላቂያዬ ደብዳቤዎች በታሪክ ሊቃውንት ታትመው ይገኛሉና፣ አስቀድሞ እነርሱን ያንብብ።